ግልጽ ደብዳቤ፦ ኃይሌ ገሪማን የትኛው ሳጥን ውስጥ እናስገባቸው?

ለከተማችን የፊልም ማሳያና የአዳራሽ ፈቃድ ክፍል ኃላፊ
ባሉበት

ክቡር ኃላፊ፣

በቅድሚያ የአክብሮት ሰላምታችን ይድረስዎ።

ይህን ደብዳቤ አደባባይ ያወጣነው ወደን አይደለም። በፖስታ አሽገን ሦስት ደብዳቤ አስገብተናል። የመጀመሪያው «ተመርቷል» ተባልን፤ ወዴት እንደተመራ የሚያውቅ ሰው ግን አላገኘንም። ሁለተኛው መዝገብ ቤት ገብቶ እዚያው ቀረ። ለሦስተኛው መልስ መጣ። የመጣው በቃል ነው። ኮሪደር ላይ ቆመን፣ ለሥራ መውጫ አሥር ደቂቃ ሲቀር። «ፎርማችሁ አልተሟላም። በዚህ ዓይነት አዳራሽ አይሰጥም።» ይኸው ነው።

የጠየቅነው ትንሽ ነገር ነው። አርባ የምንሆን የፊልም ወዳጆች ነን። ተማሪ አለን። የሠርግ ቪዲዮ ኤዲት እያደረገ የሚተዳደር አለን። የካሜራ ረዳት አለን። ጡረታ የወጡ የታሪክ መምህር አሉን። የታክሲ ሹፌርም አለን። በወር ሁለት ጊዜ ተሰብስበን ፊልም እናያለን፤ ከዚያ እስኪመሽ እንጨቃጨቃለን። ዘንድሮ የፊልም ዳይሬክተሩን የፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን ሥራዎች በአምስት ምሽት፣ በነጻ፣ ለማንም ሰው ክፍት አድርገን ለማሳየት አሰብን። አዳራሹ የሕዝብ ነው። በሳምንት አራት ቀን ባዶውን ያድራል። ይህን የነገሩን የአዳራሹ ጥበቃ ናቸው። ፊልሞቹን ለማሳየት የባለቤቶቹ ፈቃድ እንደሚያስፈልግም አልጠፋንም። ግን ቀንና ቦታ ሳንይዝ ማንን ምን ብለን እንጠይቅ?

ፎርሙን ኮፒ አድርገን ይዘነዋል። አንድ ገጽ ነው፣ በሳጥን የተሞላ። ቅሬታችንን በሳጥኖቹ ተራ እናቀርባለን። እርስዎም አንዱን ፎርም አጠገብዎ አድርገው ቢያነቡን ይቀልዎታል። የምንጠራቸው ዓመታት፣ «ዓ.ም.» ካላልን በቀር፣ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።

ሳጥን 3 እንዲህ ይላል፦ «የፊልሙ ዘርፍ (አንዱን ብቻ ይምረጡ)»። ምርጫው አምስት ነው። የፍቅር፣ አስቂኝ፣ ድራማ፣ አክሽን፣ ዘጋቢ። እኛ ድራማና ዘጋቢ ላይ ምልክት አደረግን። ፎርሙ በቀይ እስክሪብቶ ተከቦ ተመለሰ። «ሁለት አይቻልም።»

እስክሪብቶ አምልጦን አይደለም፣ ክቡር ኃላፊ። የፕሮፌሰሩ ሥራ ራሱ አንድ ሳጥን አይበቃውም። ሰውዬው ጎንደር ውስጥ በ1946 የተወለዱ ናቸው። አባታቸው ተውኔት ይጽፉና ያሳዩ ነበር። በ1967 ወደ አሜሪካ ሄደው ቺካጎ የገቡት የትወና ትምህርት ቤት ነው፤ ያኔ ዳይሬክተር የመሆን ወሬ አልነበረም። ከዚያ ነው ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሲኒማ የተማሩት። ተማሪ ሳሉ አጫጭር ፊልሞች ሠሩ። አንዱ በ1972 የወጣው «ቻይልድ ኦቭ ሬዚስታንስ» ነው። መነሻው የጥቁር አሜሪካውያን መብት ታጋይዋ አንጄላ ዴቪስ እጇ በካቴና ታስሮ ያዩበት ምስል ነው። ፊልሙ እንደ ህልም ይሄዳል። ህልም ደግሞ ከአምስቱ ምርጫ ውስጥ የለም።

«ቡሽ ማማ»ን እንውሰድ። ዶሮቲ የምትባል ሴት ታሪክ ነው። ዋትስ በሚባለው የሎስ አንጀለስ ሰፈር፣ በመንግሥት ድጎማ፣ ልጇን ይዛ የምትኖር ሴት። ልብ ወለድ ነው፤ ድራማ ብለን እንለፈው። ግን ፊልሙ ሲጀምር ፖሊሶች ጥቁር ወጣቶችን መንገድ ላይ አስቁመው ሲፈትሹ ይታያል። ያ ትወና አይደለም። የሚፈተሹት የፊልሙ ባልደረቦች ናቸው። ለቀረጻ ወጥተው ፖሊስ ያዛቸው፤ ካሜራው አላቆመም። ፕሮፌሰሩም ያንን ምስል ወስደው የፊልሙ መክፈቻ አደረጉት። እንግዲህ ይህ ድራማ ነው ወይስ ዘጋቢ? የመስኮቱን ሠራተኛ ጠየቅናቸው። «እናንተ ናችሁ የምታውቁት» አሉን። እኛ የምናውቀው ሁለቱንም እንደሆነ ነው፤ ለዚያ ነው ሁለት ምልክት ያደረግነው። የአሜሪካው ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በ2022 ይህን ፊልም ለትውልድ ተጠብቀው እንዲቆዩ ከሚመርጣቸው ፊልሞች መዝገብ ውስጥ አስገብቶታል። አንዱን ዘርፍ ብቻ ምረጡ አላለም።

ከዚያ በኋላ ያለውን በአጭሩ እንለፈው፤ ሁሉንም ብንዘረዝር ሌላ ፎርም ይወጣዋል። በኖርዝ ካሮላይና ስለታሰሩት አሥር ሰዎች ዘጋቢ ሠሩ። ከቬትናም ጦርነት ስለተመለሰ ጥቁር ወታደር «አሽስ ኤንድ ኢምበርስ»ን ሠሩ፤ ልብ ወለድ ነው። ስለ ገጣሚው ስተርሊንግ ብራውን ሌላ ዘጋቢ ሠሩ። በ1993 «ሳንኮፋ» መጣ። ሞና የምትባል ሞዴል ጋና ውስጥ ባሮች ይታጎሩበት በነበረ ምሽግ ፎቶ ስትነሳ ቆይታ፣ ሾላ የምትባል ባሪያ ሆና በባርነት ዘመን ሸንኮራ እርሻ ላይ ራሷን ታገኛለች። ታሪክ ነው፣ ተረት ነው፣ ጸሎትም ይመስላል። በ1999 ደግሞ «አድዋ» የሚለው ዘጋቢ አለ። ሥዕሉን፣ ዘፈኑን፣ የሽማግሌዎቹን አንደበት አጋምዶ የሚሄድ ነው። በ2008 «ጤዛ»። ይህን ሁሉ ሲሠሩ ብዙውን ጊዜ ጸሐፊው እሳቸው፣ ዳይሬክተሩ እሳቸው፣ ፕሮዲዩሰሩ እሳቸው፣ ኤዲተሩም እሳቸው ናቸው። አንድ ሰው ይህን ያህል መልክ ሲይዝ ሌላው አገር ያደንቃል። እኛ ጋ ፎርሙ ይመለሳል።

ሳጥን 4 ወደሚለው እንምጣ። «የሀገር ውስጥ / የውጭ።» እዚህ ላይ ትንሽ ልንቆይ ነው፤ ይታገሱን። የውጭ ከሆነ ክፍያው እጥፍ ነው። ተጨማሪ ማረጋገጫም ይጠየቃል።

ሳንኮፋን አስገባን። «ቋንቋው አማርኛ አይደለም፤ የውጭ ነው» ተባልን። እሺ። ጤዛን አስገባን። ቋንቋው በአብዛኛው አማርኛ ነው፤ የተቀረጸውም ጣና ዳር ነው። «ጀርመንም ተቀርጿል፤ የውጭ ነው» ተባልን። ይሁን። አድዋን አስገባን። የአድዋ ነገር መቼም አያከራክርም ብለን ነበር። «ፕሮዲዩሰሩ አሜሪካ ነው የሚኖሩት» ተባለ። በዚህ አያያዝ አድዋም የውጭ ጉዳይ ሆነች ማለት ነው። ምኒልክ ቢሰሙ ምን ይሉ እንደነበር እንጃ።

ጤዛን ያዩት ያውቃሉ። አንበርብር ተምሮ ጀርመን ኖሮ፣ እግሩን እዚያ አጥቶ፣ ወደ እናቱ ቤት ይመለሳል። መንደሩ ደርግ እጅ ላይ ነው። ልጆቹ ለጦርነት እንዳይታፈሱ ዋሻ ውስጥ ተደብቀዋል። እኛ ይህን ፊልም ስናይ እዚያ ዋሻ ጋ ሲደርስ የታሪክ መምህራችን «አንዴ አቁሙት» አሉ። አቆምነው። መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉ። ከዚያ በ1970ዎቹ ዓ.ም. የአፈሳ ሰሞን አንድ ተማሪያቸውን የትምህርት ቤቱ ዕቃ ግምጃ ቤት ውስጥ፣ ከተሰባበሩ ዴስኮች ጀርባ፣ ሁለት ቀን እንዴት እንደደበቁት ነገሩን። ዳቦውን የሚያስገቡለት በኖራ ባልዲ ነበር። አሥር ዓመት አብረውን ፊልም ሲያዩ ይህን አንድም ቀን አንስተውት አያውቁም። «ቀጥሉት» አሉ፤ ቀጠልነው። ይህ ነው እንግዲህ «የውጭ ፊልም» የተባለው።

ሌላው ዓለም ሰውዬውን የእኔ ናቸው እያለ ይሻማል። አሜሪካኖቹ እሳቸውን ከቻርልስ በርኔት፣ ከጁሊ ዳሽ፣ ከቢሊ ውድቤሪ ጋር በአንድ ትውልድ ይመድቧቸዋል። የሎስ አንጀለስ ዓመፅ የሚባለው የጥቁር ፊልም ሠሪዎች ትውልድ ነው። ከ1975 ጀምሮ ለአሥርት ዓመታት ዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ አስተምረዋል። ብራድፎርድ ያንግ፣ ያ ለኦስካር የታጨው ሲኒማቶግራፈር፣ የእሳቸው ተማሪ ነበር። ጤዛ በ2008 ቬኒስ ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማትን ወሰደ። በዓመቱ በቡርኪና ፋሶ ዋና ከተማ ዋጋዱጉ ላይ የየኔንጋ ወርቃማ ፈረስ ተሸለመ። የአፍሪካ ሲኒማ ከዚያ በላይ የሚሰጠው ሽልማት የለውም። ቡርኪናዎቹ ሲሸልሟቸው «የውጭ ነዎት፣ እጥፍ ይክፈሉ» አላሉም።

ሳጥን 6፦ «የፊልሙ ርዝመት (ከ100 ደቂቃ ያልበለጠ)»። ሳንኮፋ 100 ደቂቃ ያልፋል። ጤዛ ሁለት ሰዓት ከሃያ ነው። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ሁለት ሰዓት ተኩል ነው፤ ያውም ጥቁርና ነጭ። የመስኮቱ ሠራተኛ ምክር ሰጡን። ክፋት አልነበረበትም፣ እንዲያውም ሊረዱን ፈልገው ነው። «ቁረጡትና አምጡት» አሉ። የሠርግ ቪዲዮ የሚያቀናው ልጃችን ፊቱ ተለዋወጠ። ሠርግ እንኳ ሲቆረጥ የአክስት ኩርፊያ አለ።

ጨምረውም «ጥቁርና ነጭ ማን ያያል በዚህ ዘመን?» አሉ። ለዚህ መልስ አለን።

ፕሮፌሰሩ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን፣ የአንድ ባለ ርስትና የጭሰኞቹን ታሪክ፣ የቀረጹት በ1974 ነው። የንጉሡ መንግሥት የሚወድቅበት ሰሞን ነበር። ገና ተማሪ ነበሩ። አገር ቤት መጥተው በሁለት ሳምንት ገደማ፣ በ16 ሚሊሜትር ፊልም፣ ገበሬዎቹን ራሳቸውን እያሠሩ ቀረጹት። ታዋቂ ተዋናይ አልፈለጉም። ፊልሙ በኋላ ቦሎኛ፣ ኢጣሊያ ውስጥ ታድሷል። ዛሬ ንጹሕ ሆኖ የሚታየው ለዚያ ነው።

እኛ ያየነው ባለፈው ሚያዝያ ነው። አዳራሽ ስላልነበረን የአንድ አባላችን ግቢ ተሰበሰብን። እናቱ የአልጋ አንሶላ ሰጡን፤ ነጭ፣ ጥጉ ላይ ትንሽ ሰማያዊ አበባ ያለው። በአራት ችንካር ግድግዳው ላይ ወጠርነው። አበባው ከምስሉ ግራ ጥግ አልጠፋም፤ ፊልሙ ሙሉ እሷን እያየን ነው። መብራት ሁለት ጊዜ ሄደ። ሁለቱንም ጊዜ ቁጭ ብለን ጠበቅን።

ከግቢው ጎን ሕንጻ ይሠራል። የዚያ ሕንጻ ጥበቃ ጋቢያቸውን ተከናንበው፣ ዱላቸውን ይዘው፣ በሩ ላይ ቆሙ። «ጋሼ፣ ይግቡ» አልናቸው። «ሥራ ላይ ነኝ» አሉ። ግን አልሄዱም። ባለ ርስቱ ደጃፉ ላይ ወንበሩን ዘርግቶ አገልጋዩን ሲያመናጭቅ ሳቅ አሉ። «ይችን ስድብ አውቃታለሁ።» ቀጥሎ የልጅቷ ህልም መጣ። ከብት ጠባቂዋ ልጅ አባትና እናቷ እንደ በሬ ተጠምደው ሲያርሱ ታያለች፤ ባለ ርስቱ ከኋላ ጅራፍ ይዟል። ጋሼ መሳቃቸውን ተዉ። ሳናያቸው ገብተው ኖሮ ጀሪካን ላይ ተቀምጠዋል። ዱላው ጉልበታቸው ላይ ነው። ልጅቷን ጎርፍ ሲወስዳት ከአፋቸው ቃል አልወጣም።

ሲያልቅ አንድ ጥያቄ ጠየቁ። «ልጅቷ የማን ልጅ ናት?»

«ተዋናይ ናት፣ ጋሼ» አልናቸው።

«አይደለችም» አሉ።

እውነታቸውን ነው። በሚቀጥለው ስብሰባችን ከሌላ ሕንጻ ሁለት ጥበቃ ይዘው መጡ። አንደኛው ለራሱ መቀመጫ ብሎኬት ተሸክሞ ነበር። ክቡር ኃላፊ፣ ጥቁርና ነጭ፣ ሁለት ሰዓት ተኩል፣ መብራት ሁለት ጊዜ የሄደበት፣ አንሶላ ላይ። ማን ያያል ለሚለው መልሳችን እነዚህ ሰዎች ናቸው። ወለሉ ላይ ሳይሆን ወንበር ላይ ተቀምጠው እንዲያዩ ነው የጠየቅነው።

ሳጥን 7 ከሁሉም ይብሳል። «የአከፋፋይ ድርጅት ስም፣ ፈቃድ ቁጥርና ማኅተም።» ማኅተም የሌለው ሰው ፊልም ማሳየት አይችልም። በግል የሚሠራ ሰው ደግሞ ማኅተም የለውም። በሩ የሚዘጋው እዚህ ጋ ነው።

የፕሮፌሰር ኃይሌ ታሪክ በሙሉ የዚህ ሳጥን ታሪክ ነው ብንል ማጋነን አይሆንም። ሳንኮፋን ሠርተው ለመጨረስ ወደ ዘጠኝ ዓመት ፈጀባቸው። በርሊን ፌስቲቫል ላይ ታየ። አሜሪካ ውስጥ ግን የሚያከፋፍለው ጠፋ። ትልልቆቹ አከፋፋዮች አልፈለጉትም። የእኛ ፎርም እዚያ ቢኖር ኖሮ ፊልሙ እዚያው መሳቢያ ውስጥ ቀርቶ ነበር። እሳቸውና ባለቤታቸው ሽሪኪያና አይና ምን አደረጉ? ዋሽንግተን ውስጥ ሲኒማ ቤት በራሳቸው ተከራዩ። ሰፈርተኛው፣ ቤተ ክርስቲያኑ፣ የተማሪ ማኅበሩ ቲኬቱን ሸጠላቸው። ሰው ተሰለፈ። ፊልሙ ለሳምንታት ከስክሪን አልወረደም። ከዚያ ይዘውት ከተማ ለከተማ ዞሩ። በየከተማው የሚቀበላቸው ሰፈርተኛ ነበር። ከዚያው ዐሥርት ዓመት ሳይወጡ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ ጆርጂያ አቬኑ ላይ፣ ሳንኮፋ የሚባል የመጻሕፍትና የቪዲዮ ቤት ከፈቱ። ቡናም አለው። ዋሽንግተን ያሉ ወገኖቻችን ያውቁታል፤ ቀጠሮ የሚያደርጉት እዚያ ነው። ፊልሙ የራሳቸው ስለነበር ነው ይህ ሁሉ የሆነው። ከሠላሳ ዓመት ግድም በኋላ፣ በ2021፣ የአሜሪካዊቷ ዳይሬክተር የኤቫ ዱቨርኔ ድርጅት አሬይ ፊልሙን አድሶ ኔትፍሊክስ ላይ አወጣው። በዚያው ዓመት የኦስካር አካዳሚ ሙዚየም ሲከፈት ፕሮፌሰሩን ሸለመ። በ1993 የሚያከፋፍለው ያጣ ፊልም ማለት ነው።

አሁን ወደ እኛ ሰፈር። ስሟን አንጠራም፤ አባላችን ናት። ሃያ ሁለት ደቂቃ የሆነ ፊልም ሠርታለች፣ አያቷ ጠላ ቤት ላይ። በተዋሰችው ካሜራ፣ በሁለት ዓመት ቁጠባ። ማሳየት ፈለገች። ሳጥን 7 ገታት። ማኅተም ፍለጋ ሄደች። ማኅተም ያለው ሰው አገኘች። «እናትምልሽ» አላት። «ግን የፊልሙ ግማሽ የኛ ይሆናል።» ለአንዲት ክብ ማኅተም! ፈርማ ወጣች። ሌላ ምን ታድርግ? ፊልሙ ታየ፤ ሰውም ወደደው። ዛሬ በፈለገችበት ልታሳየው ስትል ስልክ ደውላ ማስፈቀድ አለባት፤ ስልኩ ደግሞ አይነሳም። አያቷ ራሳቸው ሊያዩት ቢፈልጉ ከእሷ ላፕቶፕ ላይ በስርቆት ነው።

ሌላም አባላችን አለ። ስለ ሸማኔዎች ዘጋቢ ሠርቶ ሳጥን 7 ላይ «በግል» ብሎ ጻፈ። ሠራተኛው በትዕግሥት አስረዱት። «በግል ማለት ማን ነው?» አሉት። ጥያቄው አሁንም እየከነከነን ነው።

ክፍሉ ይህን አስቦ አደረገው እያልን አይደለም። ፎርሙን ያዘጋጀው ሰው ምናልባት የሌብነትን ኮፒ ለመከላከል ፈልጎ ይሆናል። ውጤቱ ግን ይህ ነው፦ በግሉ የሚሠራ ልጅ ፊልሙን ለማሳየት ፊልሙን መስጠት አለበት። ስለ ፕሮፌሰር ኃይሌ አምስት ምሽት ብለን የጀመርነው ጉዳይ እዚህ ድረስ ያመጣን ለዚህ ነው። አዳራሹን የፈለግነው እነዚህ ልጆች አንድ ሰው ማኅተም ሳይለምን ሃምሳ ዓመት እንዴት እንደሠራ በዓይናቸው እንዲያዩ ነበር። ጤዛን ለመሥራት ገንዘብ ፍለጋ ብቻ ከአሥር ዓመት በላይ ወስዶባቸዋል። ልጆቻችን መቸገር ብቻውን ውድቀት አለመሆኑን ከዚህ የተሻለ የት ይማራሉ?

ሳጥን 9 የሰዓት ነው፤ በእሱ ብዙ አናደክምዎትም። ፎርሙ ቢሟላ እንኳ ሊሰጠን የሚችለው ሰኞ ጠዋት 3 ሰዓት እንደሆነ ተነግሮናል። ሰኞ ጠዋት ፊልም የሚያይ ሰው ሥራ ፈት ነው ወይም ትምህርት ቤት የቀረ ነው። ጋሼና ጓደኞቻቸውማ ያን ሰዓት ሌሊቱን ሙሉ ሲጠብቁ አድረው ገና ጎናቸውን ያሳረፉ ናቸው።

እንግዲህ ጥያቄያችን ይህ ነው።

አንደኛ፣ ለሦስተኛው ደብዳቤያችን በጽሑፍ ይመለስልን። «አይቻልም» ከሆነም ቁጥርና ፊርማ ይኑረው።

ሁለተኛ፣ ሳጥን 3 ውስጥ «አንዱን ብቻ» የሚለው ይሰረዝ። አንድ ባዶ መስመር ቢጨመርበት ይበቃናል። ሠሪው ራሱ ይጽፍበታል።

ሦስተኛ፣ ሳጥን 4 ላይ ኢትዮጵያዊ የሠራው ፊልም የትም ተቀርጾ በየትኛውም ቋንቋ ቢሆን እንደ ውጭ ፊልም እጥፍ አይከፈልበት። በነጻ ለሚታይ ነገር እጥፍ መክፈልስ ምን ማለት ነው?

አራተኛ፣ የ100 ደቂቃው ገደብ ትርፍ ለማይገኝበት ማሳያ ይነሳ። የአዳራሹ ጽዳትና የመብራት ወጪ ነው የሚያሳስባችሁ ከሆነ እኛው እንጠርጋለን። መብራቱንም አዋጥተን እንከፍላለን።

አምስተኛ፣ እና ይህን አደራ የምንለው፣ በሳጥን 7 የማኅተም ቦታ የሠሪው ፊርማና የመታወቂያ ቁጥር ይበቃ። ሌብነቱን በዚያም መከላከል ይቻላል። እንዲያውም የሚፈርመው ሠሪው ሲሆን ማን እንደሚጠየቅ ይታወቃል።

ስድስተኛው ለእናንተ ክፍል ብቻ የሚሆን አይደለም፤ ለሚመለከተው ብታስተላልፉልን ግን ደስ ይለናል። የአገራችን ሰው የሠራው ፊልም ማንም ዜጋ ገብቶ ተቀምጦ የሚያይበት አንድ ክፍል ይኑር። ትልቅ ቤት አንጠይቅም። አንድ ስክሪን፣ ሃያ ወንበር፣ አንድ የሚያስፈርም ሰው። የመጀመሪያው ባለ ሙሉ ርዝመት የአማርኛ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው» የተሠራው በ1957 ዓ.ም. ነው። ከዚያ ወዲህ ስንት ልጅ ስንት ነገር ሠርቷል። ዛሬ አንድ ተማሪ ከእነዚህ አንዱን ለማየት ቢፈልግ የሚላከው ወደ ፍላሽ ሻጭ ነው። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቦሎኛ ያለ ተማሪ ከእኛ ልጅ ቀድሞ በጥሩ ኮፒ ማየቱ ደስ አይልም። እኛን አናደደን፤ ምናልባት እርስዎንም ያናድድዎት ይሆናል።

የምንጠይቃቸው አምስት ምሽቶች ከማክሰኞ እስከ ቅዳሜ ናቸው፣ ከቀኑ 11፡30 ጀምሮ። የመጀመሪያው ምሽት «ቡሽ ማማ»፣ ቀጥሎ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»፣ ከዚያ «ሳንኮፋ»፣ «አድዋ»፣ በመጨረሻ «ጤዛ»። ለእርስዎ ከፊት ረድፍ ሁለት ወንበር ይያዛል። ለጋሼና ለጓደኞቻቸው ደግሞ ከመሃል አራት ወንበር ይዘናል፤ ይህን ከአሁኑ ብንነግርዎት ይሻላል።

ፎርሙን እንደገና ሞልተን ከዚህ ደብዳቤ ጋር አያይዘናል። ሁሉም ሳጥን ተሞልቷል። ሳጥን 7 ላይ አርባችንም ፈርመናል፤ ቦታው ስላልበቃ ጀርባው ላይ ይቀጥላል። ሳጥን 3ን ግን ባዶ ተውነው። ከጎኑ በእስክሪብቶ «አይተው ይሙሉልን» ብለን ጽፈናል።

ከአክብሮት ጋር፣

የፊልም ተመልካቾች ክበብ ጸሐፊ
(ስለ አርባው አባላት)

ግልባጭ፦
ለአዳራሹ አስተዳደር
ለክበቡ አባላት
ለአንሶላዋ ባለቤት፣ ከምስጋና ጋር